ፎሶሊያን «ቀቀል ማድረግ» ምንድን ነው?

ፎሶሊያ ለማቆየት «ቀቀል አድርጉና ፍሪዘር ውስጥ ክተቱት» ይባላል። ምክሩ ትክክል ነው፤ የሚያናድደኝ ተከትሎት የሚመጣው ማብራሪያ ነው። ሰሞኑን አንዱ «ጀርሙ እንዲሞት ነው፤ ሙቅ ውሃ ውስጥ ነከር አድርጎ ማውጣት ይበቃል» ብሎ አረፈው። በአንድ ትንፋሽ ሁለት ስሕተት።

ጉዳዩ የጀርም ሳይሆን የኢንዛይም ነው፤ ኢንዛይም ማለት በፎሶሊያው ሕዋሳት ውስጥ ያለ፣ ለውጥ የሚያፋጥን ፕሮቲን ነው። ፎሶሊያው ከተለቀመም በኋላ ኢንዛይሞቹ ሥራ አያቆሙም፤ ቀለሙን ያደበዝዛሉ፣ ጣዕሙንም ድርቆሽ ድርቆሽ ያሰኙታል። የተዳፈነ ፍም አስቡ፤ አመድ ለበሰ ማለት ጠፋ ማለት አይደለም፣ ውስጥ ውስጡን ሲበላ ያድራል። ፍሪዘር አመዱ ነው። ከዜሮ በታች 18 ዲግሪ ላይ እንኳ ፍሙ ዝግ ይላል እንጂ አይሞትም። የሚያጠፋው የፈላ ውሃ ነው። ነከር አድርጎ ማውጣት ደግሞ ፍሙን ቆስቁሶ ጥሎ መሄድ ነው፦ ሙቀቱ ሕዋሳቱን ይሰብርና ኢንዛይሙን ሳይገድል ከሚበላው ነገር ጋር ያገናኘዋል። ከዚህስ ጥሬውን ማስገባት ይሻላል።

ታዲያ ስንት ደቂቃ? ሦስት። ለግማሽ ኪሎ 4 ሊትር ያህል የሚንተከተክ ውሃ ያስፈልጋል፤ ሰዓቱም የሚቆጠረው ፎሶሊያው ከገባ በኋላ ውሃው እንደገና ሲፈላ ነው። ከባሕር ጠለል በላይ ከ1,500 ሜትር ከፍ ባለ ቦታ ውሃ በዝቅተኛ ሙቀት ስለሚፈላ አንድ ደቂቃ ጨምሩ። በቀለሙ አትታለሉ። ገና እንደገባ ቦግ የሚለው አረንጓዴ በሕዋሳቱ መካከል የነበረው አየር በመውጣቱ የመጣ ነው፤ ፍሙ መጥፋቱን አይናገርም። እኛ በፋብሪካ የምንፈትሸው ፐርኦክሲዴዝ የተባለውን ግትር ኢንዛይም ነው፤ ያ ከሞተ ሌሎቹ ቀድመውት ሄደዋል። ለቤት ግን ሰዓት ይበቃል።

ወዲያው በረዷማ ውሃ ውስጥ ለሌላ ሦስት ደቂቃ ይግባ። እዚህ ላይ የፍሙ ምሳሌዬ ይከዳኛል፤ አሁን የምናጠፋው እኛው ያገባነውን ሙቀት ነውና። ካልቀዘቀዘ መብሰሉን ይቀጥልና ይልፈሰፈሳል። ከዚያ በጨርቅ አድርቁት፤ ላዩ ላይ የቀረ ውሃ በረዶ ሆኖ እርስ በርስ ያጣብቀዋል። አየሩን ከከረጢቱ አስወጥታችሁ ዝጉ።

ጀርሙን ካነሳችሁት አይቀር፦ ፍሪዘር ያስተኛዋል እንጂ አይፈጀውም። ስለዚህ ሳይቀልጥ በቀጥታ ወደ ድስት ይግባና በደንብ ይብሰል። ሦስቱ ደቂቃ አላበሰለውም፤ ጥሬ ፎሶሊያ ደግሞ ሌክቲን የተባለ ሆድ የሚያውክ ፕሮቲን አለው።