የግል ኮሌጆች በኢትዮጵያ፦ ትምህርት በተማሪ ክፍያ ሲኖር

ደርግ የግል ትምህርት ቤቶችን ከወረሰ በኋላ ማስተማር በአብዛኛው የመንግሥት ሥራ ሆኖ ቆየ። ለግል ባለሀብት በሩን የከፈተው የ1986 ዓ.ም. የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ ነው። ዩኒቲ ከቋንቋ ትምህርት ቤትነት ተነስቶ የመጀመሪያው የግል ዩኒቨርሲቲ ለመሆን በቃ። ቅድስት ማርያምና አድማስ ኮሌጆችም በ1990ዎቹ መባቻ ሥራ ጀመሩ።

ኮሌጆቹ የሚተዳደሩት በዋናነት ተማሪው በሚከፍለው ብር ነው። ብዙው ነገር የሚመነጨው ከዚህ ነው። አካውንቲንግ ለማስተማር ክፍል፣ ሰሌዳና መምህር ይበቃል። ፊዚክስ ግን ላቦራቶሪ ይፈልጋል፤ ተመዝጋቢውም ጥቂት ነው። ስለዚህ አካውንቲንግ፣ ማኔጅመንትና ኮምፒውተር ሳይንስ በየኮሌጁ ሞልተዋል። ፊዚክስ የሚያስተምር የግል ኮሌጅ ማግኘት ግን ይቸግራል። ብዙዎቹ የሚሠሩት በኪራይ ሕንፃ ነው፤ ከታች ሱቅና ካፌ፣ ከላይ መማሪያ ክፍል። ኪራይ በጨመረ ቁጥር ጫናው ወደ ወላጅ ኪስ ይሄዳል።

ውለታቸው ግን ሊረሳ አይገባም። ቀን ሠርቶ ማታ የሚማር ሰው፣ ነጥብ ትንሽ ጎድሎት መንግሥት ዩኒቨርሲቲ ያልገባ ልጅ፣ ልጆቿን እያሳደገች ቅዳሜና እሑድ የምትማር እናት፤ እነዚህ ሁሉ ዕድል ያገኙት እዚያ ነው።

የመንግሥት ዩኒቨርሲቲም ቢሆን ሙሉ በሙሉ ነፃ አይደለም። ከ1996 ዓ.ም. ጀምሮ ተማሪው የወጪ መጋራት ውል ይፈርማል፤ ዕዳው ሥራ ሲይዝ ከደመወዙ ይቆረጣል።

የመውጫ ፈተና፣ ማለትም ተማሪ ሊመረቅ ሲል የሚወስደው አገር አቀፍ ፈተና፣ ለመጀመሪያ ጊዜ በሰፊው የተሰጠው ሐምሌ 2015 ዓ.ም. ነው። ከመንግሥት ተቋማት ተፈታኞች 62.37 በመቶ አለፉ። ከግል ተቋማት ያለፉት 17.2 በመቶ ብቻ ናቸው። በእርግጥ ማነጻጸሩ ጥንቃቄ ይፈልጋል። ከፍተኛ ነጥብ ያላቸውን ቀድሞ የሚወስደው መንግሥት ነው። ለግል ኮሌጅ የሚተርፈው ከዚያ በኋላ ነው።

ሆኖም እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነው። ተማሪ ወድቆ ሲወጣ ክፍያውም አብሮት ይወጣል። ይህ ባለበት፣ ደካማ ውጤት ያመጣን ተማሪ በድፍረት «አላለፍክም» ማለት ለኮሌጁ ከባድ ነው። በየሴሚስተሩ እያለፈ የመጣው ልጅ እውነቱን የሚያውቀው በመጨረሻው ቀን ይሆናል። ፈተናውን ካላለፈ ዲግሪ የለም። እንደገና መፈተን ይችላል፤ ቤተሰቡ ለዓመታት የከፈለውን የሚመልስለት ግን የለም።