«ሰኔና ሰኞ ሲገጥም»፦ ትርጉሙና መነሻው

ቤት ውስጥ ሰው ታሞ ሳለ የእርሻው በሬ ሲሞት፣ ወይም ከሥራ የተሰናበተ ሰው በዚያው ሳምንት የቤት ኪራይ ሲጨመርበት፣ «ሰኔና ሰኞ ገጠመበት» ይባላል። አባባሉ ለማንኛውም ችግር የሚነገር አይደለም። ለየብቻቸው ቢመጡ ሊቻሉ ይችሉ የነበሩ ሁለት ነገሮች በአንድ ጊዜ ተያይዘው ሲመጡ ነው ቦታውን የሚያገኘው፤ አንድ ዕዳ ብቻ ያለበት ሰው «ሰኔና ሰኞ ገጠመብኝ» ቢል ሰሚው «ሌላው ምንድን ነው?» ብሎ መጠየቁ አይቀርም።

ቀጥተኛ ፍቺው የሚገኘው ከዘመን አቆጣጠራችን ነው። የሰኔ መባቻ ሰኞ ሲውል «ሰኔ ሰኞ ባተ» ይባላል፤ ሲወርድ ሲዋረድ የመጣው እምነት ደግሞ እንዲህ ያለው ዓመት ጦርነት፣ ረኀብ ወይም በሽታ ይዞ ይመጣል ይላል። ሁለቱ ስሞች ለምን እንደ ተጣመሩ ለመረዳት ሰኔን በገበሬው ቤት ሆኖ ማየት ያስፈልጋል። ሰኔ ክረምቱ የሚገባበት፣ ያለፈው መኸር እህል የተሟጠጠበት፣ መጪው ግን ገና አፈር ያልነካበት ወር ነው። እናት ጎተራው ውስጥ ጎንበስ ብላ ከወለሉ የቀረውን እህል በእጇ ጠራርጋ ስታበቃ፣ ጥግ ላይ አፉ ታስሮ የተቀመጠውን የዘር ስልቻ ታያለች። ልጆቿ ርቧቸዋል፤ ስልቻው ግን አይፈታም፤ ዛሬ ከተፈታ ነገ የሚዘራ አይኖርምና። ስሙ ከግእዙ «ሰኑይ» የመጣው ሰኞ ደግሞ የሰንበት ዕረፍት አብቅቶ ቀንበር የሚነሣበት ቀን ነው። እኔ እንደምረዳው አባባሉ ይህን ያህል ጕልበት ያገኘው የወሩ ጭንቀትና የሳምንቱ ድካም በአንድ ጠዋት ደጃፍ ላይ ስለሚቆሙ ነው።

ግጥሚያው መቼ እንደሚመጣ አስቀድሞ ማወቅ ይቻላል፤ ባሕረ ሐሳብ የተማረ ሰው በጣቱ አንጓ ቆጥሮ ይነግርዎታል። ከመስከረም እስከ ግንቦት ዘጠኝ ወራት አሉ፤ እያንዳንዱ 30 ቀን ስለሆነ 270 ቀን ይሆናል። ከዚህ ላይ 38 ሳምንት፣ ማለትም 266 ቀን ሲነሣ 4 ይተርፋል። ስለዚህ መስከረም 1 በዋለበት ዕለት ላይ አራት ቀን ሲጨመር የሰኔ መባቻ ይገኛል፤ ዓመቱ ሐሙስ ከገባ ሰኔ የግድ ሰኞ ይብታል። ጳጉሜ በዓመቱ መጨረሻ ስለምትመጣ፣ አምስትም ሆነች ስድስት ይህን ስሌት አታናጋውም። የዓመታቱ ርቀት ግን እኩል አይደለም፤ በ28 ዓመት ውስጥ አራት ጊዜ ይገጥማል። በ1990፣ በ2001፣ በ2007፣ በ2012 እና በ2018 የሰኔ መባቻ ሰኞ ሲሆን፣ ከዚያ ወዲያ የሚቀጥለው 2029 ነው።

እንዲህ ያለው አባባል የሚወለደው ሳምንቱና ወሩ እኩል በማይሄዱበት አቆጣጠር ብቻ መሆኑን ልብ ማለት ይገባል። ሞሰስ ኮትስወርዝ የተባለው እንግሊዛዊ እ.ኤ.አ. በ1902 ያቀረበው አቆጣጠር እንደ እኛው 13 ወራት ቢኖሩትም፣ እያንዳንዱ ወር በትክክል 28 ቀን ስለሆነ ወሮቹ ሁሉ እሑድ ይብታሉ፤ የሚተርፈው ቀንም ከሳምንት ውጭ ይቆጠራል። የኮዳክ ኩባንያ ለሒሳብ አያያዙ ተመችቶት እ.ኤ.አ. ከ1928 እስከ 1989 ሠርቶበታል። በዚያ አቆጣጠር የሚኖር ሕዝብ ቢኖር ኖሮ ወርና ዕለት ሲገጥሙ ለማየት የሚጠብቀው ነገር አይኖረውም ነበር። በምናቡ ሥልጣኔ ፈጥሮ ለዚያ ሕዝብ ወርና ሳምንት የሚያበጅ ደራሲም ትርፍ ቀኖቹን ለማጥፋት ባይቸኩል እመክራለሁ፤ የኛ ሰኔና ሰኞ የወጣው ከነዚያ ከተረፉት አራት ቀኖች ነው።

እምነቱን በታሪክ ለመመዘን የሞከረ ሰው መጀመሪያ ላይ መደንገጡ አይቀርም። ማይጨው ላይ የተዋጋንበት፣ ሚያዝያ 27 ቀን ጣሊያን አዲስ አበባ የገባበት 1928 ሐሙስ የገባ ዓመት ነበር፤ ሰኔውም ሰኞ ባተ። ከኤርትራ ጋር ጦርነት የተቀሰቀሰበት 1990 እንዲሁ ነው፤ መጋቢት 4 ቀን የመጀመሪያው የኮሮና ታማሚ በአገራችን የተገኘበት 2012 ም እንዲሁ። አባባሉን በቃልም በጽሑፍም የሚያነሡ ሰዎች እነዚህን ዓመታት ይዘው ቢከራከሩ አይፈረድባቸውም፤ ያዘኑ ሰዎች ናቸው፤ ለሐዘናቸው ምክንያት ይፈልጋሉ።

ቆጠራው ግን በዚህ አያበቃም። ከብቱን ጨርሶ ሰዉን ያስከተለው የ1880ዎቹ ክፉ ቀን ለትውልድ የተረፈ ጠባሳ ጥሎ ያለፈ መቅሠፍት ነበር፤ ሆኖም ከ1880 እስከ 1885 አንድም ጊዜ ሰኔ ሰኞ አልባተም። መስከረም በ1883 ረቡዕ ውሎ ነበር፤ ዘመኑ ሉቃስ ስለነበረ ጳጉሜ ስድስት ሆነችና የ1884 መስከረም ሐሙስን ዘልሎ ዓርብ ላይ አረፈ። ዕለቱ የተዘለለው ረኀቡ በበረታበት ዘመን መካከል ነው። በ1977ም ወገኖቻችን በረኀብ ሲያልቁ የሰኔ መባቻ ቅዳሜ ነበር። በሌላ በኩል የመጀመሪያው የተጻፈ ሕገ መንግሥት የወጣበት 1923 ሰኔው ሰኞ የባተ ዓመት ነው።

1984ም እንዲሁ ነበር፤ ሰኔ 1 ቀን ሰኞ ውሏል። ከዚያ በኋላ በ60ኛው ቀን፣ ነሐሴ 1 ቀን ዓርብ፣ ደራርቱ ቱሉ ባርሴሎና ላይ በ10,000 ሜትር ቀድማ ገባች፤ በኦሎምፒክ ወርቅ ያገኘች የመጀመሪያዋ ጥቁር አፍሪካዊት ሴት ሆነች። ከዚያም ሁለተኛ ከወጣችው ደቡብ አፍሪካዊት ኤላና ማየር ጋር እጅ ለእጅ ተያይዘው ሜዳውን ዞሩ።