መልካ ቁንጡሬ፦ የአዋሽ ዳር ሰፈርና ጎጆዎቹ

ከአዲስ አበባ በቡታጅራ መንገድ ወደ ደቡብ 50 ኪሎ ሜትር ያህል ሲኬድ፣ መንገዱ አዋሽን በሚሻገርበት አካባቢ መልካ ቁንጡሬ ይገኛል። ወደ ጢያ ትክል ድንጋዮች የሚጣደፍ ጎብኚ ብዙውን ጊዜ ሳይቆም ያልፈዋል፤ ያስቆጫል። ከ2,000 ሜትር ባላነሰ ከፍታ ላይ ባለው በዚህ ደጋ የቀደምት ሰዎች ኑሮ የጀመረው ከሁለት ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ነው።

ስፍራው በተመራማሪዎች ዘንድ የታወቀው እ.ኤ.አ. በ1963 ሆላንዳዊው የውሃ ባለሙያ ጄራርድ ዴከር የድንጋይ መሣሪያዎችን በወንዙ ዳር ካገኘ በኋላ ነው። ከ1965 ጀምሮ ፈረንሳዊው ዣን ሻቫዮን ለረጅም ዓመታት ቁፋሮውን መሩ፤ ኋላ ላይ ጣሊያናውያን ተረከቡ። የመሬቱ ጠባይ ለሥራቸው ተመችቷቸዋል። ከእሳተ ገሞራ የወጣው አመድ የጥንቱን ወለል እየሸፈነ ጠበቀው፣ ዕድሜውን ለመለካትም መነሻ ሆነ፤ አዋሽና ገባሮቹ ደግሞ አፈሩን እየሸረሸሩ የተቀበረውን አወጡት።

ጋርባ በተባለው ሸለቆ የተገኘ የሕፃን መንጋጋ፣ እ.ኤ.አ. በ2023 በወጣ ጥናት፣ ሁለት ሚሊዮን ዓመት ገደማ ያስቆጠረ፣ ሆሞ ኢሬክተስ የተባለው የጥንት ሰው ዝርያ አካል መሆኑ ተገልጿል። ጎምቦሬ በተባለው ሌላው የስፍራው ክፍል ደግሞ 700,000 ዓመት የሆነው ጭቃ የእንስሳት ኮቴና የሰው ዱካ ይዟል። ከዱካዎቹ መካከል የትንንሽ ልጆች አሉበት፤ በዚያው ወለል ጉማሬ ተበልቷል፣ ድንጋይም ተጠርቧል። ልጆቹን ቤት የሚጠብቅላቸው ሰው አልነበረም መሰል፣ ወላጆች ሥጋ ሲበልቱ አብረው ይውሉ ነበር።

ከወንዙ በስተ ሰሜን ጥቂት ኪሎ ሜትሮች ራቅ ብሎ ባልጩት አለ፤ ጥቁሩ መስታወት መሰል ድንጋይ በብዛት የሚገኝበት ስፍራ ነው። ስለቱ ኃይለኛ ስለሆነ ጠራቢው ካልተጠነቀቀ መዳፉን ይቆርጠዋል። በመልካ ቁንጡሬ ሲምቢሮ በተባለው ቦታ ከ1.2 ሚሊዮን ዓመት በፊት ከዚሁ ድንጋይ ከ500 በላይ የእጅ መጥረቢያዎች ተሠርተዋል፤ ያን ያህል ሥራ ባንድ ቦታ መከማቸቱ የባለሙያዎች መሥሪያ ስፍራ ያስመስለዋል። የደቡብ ኢትዮጵያ ቆዳ ፋቂዎችም እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ በባልጩት መፋቂያ ሲሠሩ ኖረዋል።

ሙዚየሙ አራት ክብ ጎጆዎች ያሉት ነው። አንዱ ስለ አፍሪካ ቅድመ ታሪክ፣ ሌላው ስለ ጥንት እንስሳት ቅሪት፣ ሦስተኛው ስለ ሥነ ምድርና እሳተ ገሞራ ያስረዳል፤ አራተኛው የመልካ ቁንጡሬ የራሱ ነው። ጎምቦሬ ላይ ደግሞ መሣሪያውና አጥንቱ ሳይነሳ፣ እንደተገኘ ይታያል። ትልቅ የሲሚንቶ ሕንፃ ቢቆምበት ኖሮ ለስፍራው አይመጥንም ነበር ባይ ነኝ።

ዩኔስኮ መልካ ቁንጡሬንና ባልጩትን በሐምሌ 2016 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት መዝግቧቸዋል። ቀኑ የሚበቃው ሰው ከዚያው ወደ ምዕራብ ታጥፎ፣ ከአንድ አለት ተፈልፍላ የተሠራችውንና ዛሬም ቅዳሴ የማይቋረጥባትን አዳዲ ማርያምን ደርሶ ይመለሳል።