የልብ ምት መዛባትና የመርሳት ችግር ምን ያገናኛቸዋል?

«እናቴ የልብ ምትሽ ተዛብቷል ተብላለች፤ አእምሮዋንም ልትስት ነው?» የሚለው ጥያቄ ስለተደጋገመ ነገሩን ላፍታታው። የማወራው ኤትሪያል ፊብሪሌሽን ስለሚባለው ሕመም ብቻ ነው።

ጤነኛ ልብ ሙያ ባለው እጅ እንደሚወቀጥ ቡና እኩል እኩል ይመታል። በዚህ ሕመም ግን የልብ የላይኛው ክፍል በመኮማተር ፈንታ ይርገበገባል፤ ደም ጥጉ ላይ ይተኛና ይረጋል። የረጋው ተነስቶ አንጎል ከገባ ስትሮክ ነው፤ ሥጋቱ 5 እጥፍ ገደማ ይጨምራል። ቅንጣቱ ደቃቅ ሲሆን ግን እጅ ሳይዝል፣ አፍ ሳይጣመም ጠባሳ ጥሎ ያልፋል። ጠባሳው ሲደራረብ እናት የእድር መዋጮ ከፍለው ሳለ በሳምንቱ ደግመው ሊከፍሉ ይሄዳሉ። ቤተሰብ «እርጅና ነው» ይላል። አንዳንዴም እውነቱን ነው።

ሕመሙ ባለባቸው ሰዎች ላይ፣ ስትሮክ ባያገኛቸውም እንኳ፣ የመርሳት ችግር በርከት ብሎ መታየቱ የታወቀ ነው። ሁሉም ይረሳሉ ማለት ግን አይደለም፤ ዕድሜ፣ ደም ግፊትና ስኳር ልዩነት ያመጣሉ። ደም እንዳይረጋ የሚሰጠው መድኃኒት ስትሮክን በእጅጉ ይቀንሳል፤ መርሳትንም ይከላከላል የሚለው ገና አልተቋጨም። አስፕሪን ደግሞ ምትክ አይሆነውም፤ ይህን ስንት ጊዜ እንደጻፍሁት!