«ውጤቴ እንደገና ይታይልኝ» ካላችሁ በኋላ፦ የተሳሳቱ አመለካከቶችና እውነታው

ድሬዳዋ ላይ ለተማሪዎች ማመልከቻ በመጻፍ አግዛለሁ። ፈተናቸው እንደገና እንዲታረም ጠይቀው ሳምንቱ ወር፣ ወሩ ሴሚስተር የሆነባቸው ብዙ ናቸው። ደጋግሜ የምሰማውን ላንሳ።

«ለዲፓርትመንት ኃላፊው ነግሬዋለሁ፤ ያውቀዋል።»
የብዙው ሰው ጉዳይ እዚሁ ላይ ይቀራል። አንዲት የሳቢያን ሰፈር ልጅ ሦስት ቢሮ ተመላልሳ በቃል ተናግራ ነበር። በመሃል ኃላፊው ተቀየረ፤ አዲሱ «ምንም አልሰማሁም» አላት። ምን ታሳየው? ቅሬታ የሚቀርብበት የቀን ገደብ በየዩኒቨርሲቲው የሴኔት ሌጅስሌሽን (የዩኒቨርሲቲው የውስጥ መተዳደሪያ ደንብ) ላይ ተጽፏልና ፈልጋችሁ አንብቡት። ማመልከቻውን በሁለት ኮፒ አዘጋጅታችሁ አንዱን መዝገብ ቤት አስገቡ፤ በሌላው ላይ ቀን፣ ገቢ ቁጥርና ማኅተም አስደርጋችሁ ለራሳችሁ አስቀምጡ። ያቺ ወረቀት ከሌለች ከዚህ በታች የምለው ሁሉ መነሻ ያጣል።

«ዝም ካሉ ውድቅ አድርገውታል ማለት ነው።»
አይደለም። መዘግየቱ ራሱን የቻለ ቅሬታ ነው። ሁለተኛው ደብዳቤ ስለ ውጤቱ አይከራከር፤ «በዚህ ቀን፣ በዚህ ቁጥር አመልክቼ እስካሁን ውሳኔ አልተሰጠኝም» ይበል። ለዲኑ ተጽፎ ለሬጅስትራርና ለአካዳሚክ ምክትል ፕሬዚዳንት ግልባጭ ይደረግ።

«ፍርድ ቤት ኤፉን ወደ ሲ ይቀይርልኛል።»
ዳኛ የፈተና ወረቀት አያርምም። የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የአስተዳደር ውሳኔ ሕግን ተከትሎ መሰጠቱን በፍርድ ቤት ለማስመርመር ያስችላል። ለዚያ ግን አስቀድሞ በተቋሙ ውስጥ ያለውን የቅሬታ ደረጃ መጨረስ ይጠየቃል። የፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ድሬዳዋም ችሎት ስላለው ለዚህ ብላችሁ አዲስ አበባ አትሂዱ።

«የታረመ ወረቀቴን ማየት አይፈቀድልኝም።»
በአዋጅ ቁጥር 590/2000 መሠረት የመንግሥት ተቋም መረጃ ሲጠየቅ በ30 ቀን ውስጥ መልስ መስጠት አለበት። የራሳችሁን ወረቀትና የነጥብ ዝርዝር በጽሑፍ ጠይቁ።

«እንባ ጠባቂ ጋ ለመሄድ ጠበቃና ገንዘብ ያስፈልጋል።»
በአዋጅ ቁጥር 211/1992 የተቋቋመው፣ በመንግሥት ቢሮዎች የሚደርስን የአስተዳደር በደል የሚመረምረው ይህ ተቋም አቤቱታ የሚቀበለው በነጻ ነው። ፍርድ ቤት የተያዘ ጉዳይ ግን አያይም፤ ስለዚህ ከክሱ በፊት እሱን ሞክሩ።

«የግል ኮሌጅን የሚጠይቀው የለም።»
የሚቆጣጠራቸው የትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣን አለ። ክፍያ የከፈላችሁበት ደረሰኝም የውል ማስረጃ ይሆናል።

«አቦ ተወው፣ ቂም ይይዙብኛል።»
ይህን ፍርሃት አላቃልለውም፤ መምህሩን በሚቀጥለው ሴሚስተር ክፍል ውስጥ ታገኙታላችሁ። ስለዚህ ደብዳቤው መምህሩን አይክሰስ። «ሌላ መምህር ያርመው» ብሎ በትሕትና ይጠይቅ። ቀጣዩ ኮርስ ያለዚህኛው የማይወሰድ ከሆነም፣ ውሳኔው እስኪመጣ በጊዜያዊነት እንድትመዘገቡ እዚያው ላይ ጠይቁ። ከከለከሏችሁም ክልከላውን በጽሑፍ ተቀበሉ፤ መዘግየቱ ያደረሰባችሁን ጉዳት የሚያሳይ ወረቀት እሱ ነው።