ቬላያቴ ፈቂህ ምንድን ነው?

ስለ ኢራን ስናወራ አንድ ሥዕል ቶሎ ይመጣብናል። በአንድ በኩል ጥምጣም ያሰሩ አያቶላዎች፣ በሌላ በኩል ጂንስ የለበሱ ወጣቶች። እነዚያ ባህል፣ እነዚህ ዘመናዊነት። እኔም ለብዙ ጊዜ የማስበው እንደዚያ ነበር። ሐሳቤን ያስቀየረኝ አንድ ቃል ነው፤ ቬላያቴ ፈቂህ። በ1979 የተመሠረተው የኢራን እስላማዊ ሪፐብሊክ የቆመው በዚህ ምሰሶ ላይ ነው። የሚነገርበት ቋንቋ ጥንታዊ ነው። የመንግሥት መመሪያ ሆኖ የቀረበው ግን በ1970 ነው። (እዚህ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ከቃሉ እንጀምር። ፈቂህ ማለት የፊቅህ፣ ማለትም የእስልምና ሕግ ሊቅ ነው። ቬላያት ደግሞ ሞግዚትነት ነው። ኒካህ ላይ ተገኝቶ የሚያውቅ ሰው ቃሉን ሰምቶታል፤ ሙሽራዋን ወክሎ የሚድራት ወሊይ የሚባለው ከዚሁ ሥር ነው። ስለዚህ ሲፈታ «የሕግ ሊቅ ሞግዚትነት» ይሆናል። የማን ሞግዚት? ጠቡ ሁሉ ያለው እዚህ ጥያቄ ላይ ነው።

አብዛኞቹ ኢራናውያን አሥራ ሁለት ኢማሞችን፣ ማለትም የነቢዩ ሙሐመድ ተተኪ የሚሏቸውን መሪዎች፣ የሚቀበሉ ሺዓዎች ናቸው። በእምነታቸው አሥራ ሁለተኛው ኢማም በ9ኛው ክፍለ ዘመን ከሰው ዓይን ተሰውሯል። አንድ ቀን ተመልሶ ፍትሕን ያሰፍናል። እስከዚያስ ማን ይግዛ? ለአንድ ሺህ ዓመት ያህል የአብዛኞቹ ሊቃውንት መልስ ቁጥብ ነበር። ሊቁ አሳዳጊ የሌለውን ልጅ ንብረት ይጠብቃል፣ ወቅፍ (ለበጎ ሥራ የተሰጠ ንብረት) ያስተዳድራል፣ ይዳኛል፣ ፈትዋ (የሃይማኖት ሕግ ብይን) ይሰጣል። ቤተ መንግሥቱ የንጉሡ ነው። ንጉሡ ሲያጠፋ ሊቃውንቱ ይገሥጹታል እንጂ ዙፋኑ ላይ አይወጡም።

ግሣጼው ግን የዋዛ አልነበረም። በ1890 የኢራን ንጉሥ ናስር አልዲን ሻህ የአገሩን ትምባሆ ንግድ ጠቅልለው ለአንድ እንግሊዛዊ ሰጡ። በቀጣዩ ዓመት መጨረሻ፣ ኢራቅ ሳማራ በተቀመጡት በሊቁ በሚርዛ ሺራዚ ስም፣ ትምባሆ ማጨስ ክልክል ነው የሚል ፈትዋ ወጣ። ሕዝቡ ጋያውን አስቀመጠ። ሻሁ በ1892 መጀመሪያ ውሉን ሰረዙ። ሺራዚ ግን ሥልጣን አልጠየቁም።

በ1906 ኢራን ሕገ መንግሥትና ፓርላማ ስታገኝ ሊቃውንቱ ለሁለት ተከፈሉ። ሼህ ፈዝሎላህ ኑሪ ይህ ከሸሪዓ ጋር አይሄድም ብለው ተቃወሙ። በ1909 ቴህራን ላይ ተሰቀሉ። በዚያው ዓመት ናኢኒ የተባሉ በኢራቅ የነጀፍ ከተማ ሊቅ ደግሞ ሕገ መንግሥታዊ አስተዳደርን በሃይማኖት ማስረጃ የሚደግፍ ጽሑፍ አወጡ። ጥምጣም ከጥምጣም ጋር ነው የተከራከረው።

ከዚያ የፓህላቪ ነገሥታት ዘመን መጣ። ሬዛ ሻህ በ1936 ሴቶች ሒጃብ እንዲያወልቁ አዘዙ። ፖሊስ መንገድ ላይ ሻሽ ይገፍ ነበር። ከዚህ ውርደት ቤት መዋል ይሻላል ያሉ ብዙ ሴቶች ነበሩ። ዘመናዊነት በዱላ ሲመጣ ምን እንደሚመስል ለማየት ከዚህ የበለጠ ምሳሌ አላውቅም። ልጃቸው ሞሐመድ ሬዛ ሻህ በ1971 የፋርስን ንጉሣዊ አገዛዝ 2,500ኛ ዓመት በፐርሰፖሊስ ፍርስራሽ አጠገብ ሲያከብሩ የኛው አፄ ኃይለ ሥላሴ ከእንግዶቹ አንዱ ነበሩ። ሁለቱም ዙፋኖች አሥር ዓመት አልቆዩም።

ከዚያ ድግስ ከአንድ ዓመት በላይ ቀደም ብሎ፣ በ1970 መጀመሪያ ላይ፣ በስደት ነጀፍ የተቀመጡት፣ በኋላ የ1979ን አብዮት የመሩት አያቶላህ ኾሜይኒ ለተማሪዎቻቸው ተከታታይ ትምህርት ሰጡ። ክርክራቸው ቀላል ነበር። የእስልምና ሕግ ለሁልጊዜ የተሰጠ ነው። ሕግ ደግሞ አስፈጻሚ ይፈልጋል። ሕጉን ከማንም በላይ የሚያውቀው ፈቂህ ነው። እንግዲያው መግዛት ያለበት እሱ ነው። የሕዝብ ሞግዚትና የሕፃን ሞግዚት በሥራቸው አይለያዩም እስከማለት ደርሰዋል። ወላጅ አልባ ልጅ የነበረበት ቦታ ላይ አንድ ሙሉ አገር ገባ።

ይህን ያልተቀበሉት ቀዳሚዎቹ እነማን ነበሩ? ዓለማውያን ብቻ አይደሉም። እዚያው ነጀፍ የሚኖሩት ታላቁ አያቶላህ ኹኢ አልተስማሙበትም። በኢራኗ የሃይማኖት ትምህርት ከተማ በቁም የሚኖሩት አያቶላህ ሸሪዓትመዳሪም በኋላ ሐሳቡ ሕገ መንግሥት ውስጥ ሲገባ ተቃውመዋል። የቀደመውን መንገድ የጠበቁት እነሱ ነበሩ፤ አዲስ ነገር ያመጡት ኾሜይኒ ናቸው። እኔ ዋናው ነጥብ ይሄ ይመስለኛል። «ወግ አጥባቂ» የምንለው ሥርዓት ሲወለድ የገጠመው አንዱ ተቃውሞ ከወግ ጠባቂዎች ነው።

በ1979 ሻሁ በአብዮት ወደቁ። የመጀመሪያው የሕገ መንግሥት ረቂቅ ከፈረንሳይ ሕገ መንግሥት ብዙ የወሰደ ነበር፤ ቬላያቴ ፈቂህ የሚል ነገር አልነበረበትም። ያስገባው በዚያው ዓመት ረቂቁን እንዲመረምር የተመረጠው ጉባኤ ነው። ከዚያ የተገኘው ሕገ መንግሥት ሁለት ነገር በአንድ ቤት ያኖረ ነው። ፕሬዚዳንት አለ፣ ፓርላማ አለ፣ ምርጫ አለ፣ ሴቶችም ይመርጣሉ። ከሁሉም በላይ ደግሞ መሪው አለ። የጦር ኃይሉ አዛዥ እሱ ነው። የፍርድ ቤቶችን የበላይና የሬዲዮና ቴሌቪዥኑን ኃላፊ የሚሾመውም እሱ ነው። መሪውን የሚመርጠው ሕዝብ የመረጠው የሊቃውንት ምክር ቤት ነው። ግን ለዚያ ምክር ቤት ማን ይወዳደር የሚለውን የሚያጣራው የጠባቂዎች ምክር ቤት ነው። ከዚህ ምክር ቤት 12 አባላት ስድስቱን የሚሾመው ደግሞ መሪው ራሱ ነው። ክብ ነው፤ ዞሮ ዞሮ መሪው ጋ ይደርሳል።

ሐሳቡ እዚያ አልቆመም። በጥር 1988 መሪው ኾሜይኒ ለወቅቱ ፕሬዚዳንት ለኻሜኔይ ደብዳቤ ጻፉ። መንግሥት ከእስልምና ቀዳሚ ድንጋጌዎች አንዱ ነው፤ ከሶላት፣ ከጾምና ከሐጅ ሳይቀር ይቀድማል ይላል። ይህን ቆም ብላችሁ አስቡት። ሕጉን ሊያስፈጽም የተቋቋመው መንግሥት፣ ጥቅሙ ካስገደደ ሕጉን ለጊዜው ሊያግደው ይችላል ማለት ነው። የመንግሥትን ጥቅም የሚመዝን ምክር ቤትም በዚያው ዓመት ተቋቋመ። ይህ የመድረሳ አስተሳሰብ አይደለም። ዘመናዊ መንግሥት የሚያስበው እንደዚህ ነው።

በ1989 ኾሜይኒ ሲያርፉ ሌላ ለውጥ መጣ። ሕገ መንግሥቱ መሪው መርጃዕ፣ ማለትም ምእመን በፈትዋ የሚከተለው ከፍተኛ ሊቅ እንዲሆን ይጠይቅ ነበር። የተመረጡት ኻሜኔይ እዚያ ማዕረግ አልደረሱም ነበር። ሕገ መንግሥቱ ተሻሻለና መስፈርቱ ወጣ። የሊቅ ሞግዚትነት የተባለው ወንበር ከትልቁ ሊቅነት ጋር ተለያየ።

ኅብረተሰቡም ሥርዓቱ ባላሰበው መንገድ ሄደ። ሒጃብ ግዴታ ሲሆን፣ ትምህርት ቤቶችም በፆታ ሲለዩ፣ ድሮ ልጃቸውን ከቤት የማያስወጡ ሃይማኖተኛ ወላጆች ሴት ልጃቸውን ያለ ስጋት መላክ ጀመሩ። በ2000ዎቹ መጀመሪያ ዩኒቨርሲቲ ከሚገቡት ከግማሽ በላይ ሴቶች ሆኑ። በ1980ዎቹ መጀመሪያ አንዲት ኢራናዊት በአማካይ ከስድስት በላይ ልጅ ትወልድ ነበር። በሃያ ዓመት ውስጥ ወደ ሁለት ወረደ፤ የቤተሰብ ምጣኔውን የደገፈው ያው የሃይማኖት መንግሥት ነው። በመስከረም 2022 የ22 ዓመቷ ማህሳ አሚኒ በሒጃብ ምክንያት ተይዛ በቁጥጥር ሥር እያለች ስትሞት መንገድ ከሞሉት ሴቶች ብዙዎቹ እዚህ ሥርዓት ውስጥ ተወልደው፣ በእሱ ትምህርት ቤቶች የተማሩ ነበሩ።

የአንድ ሰው ታሪክ ልጨምር። አያቶላህ ሞንታዜሪ በ1979 ቬላያቴ ፈቂህን ሕገ መንግሥት ውስጥ ያስገባውን ጉባኤ የመሩ ናቸው። የኾሜይኒ ተተኪ እንዲሆኑም ተመርጠው ነበር። በ1988 በሺዎች የሚቆጠሩ እስረኞች ሲገደሉ ግን ዝም አላሉም፤ በጽሑፍ ተቃወሙ። በዓመቱ ከተተኪነት ተነሡ። ኋላም ከ1997 እስከ 2003 በቤታቸው ታሰሩ። በመጨረሻ ዘመናቸው ፈቂህ ይቆጣጠር እንጂ አይግዛ፣ ሥልጣኑም ከሕዝብ ድምፅ ይምጣ ይሉ ነበር። በታኅሣሥ 2009 አረፉ። በዚያ ዓመት የምርጫው ውጤት ተጭበርብሯል ያሉ ወጣቶች አደባባይ ወጥተው ሲደበደቡ ከርመዋል። ለቀብሩ በብዛት ወደ ቁም መጡ። የተቃውሞአቸውን አረንጓዴ ጨርቅ ይዘው፣ የአንድ ሽማግሌ ፈቂህን አስከሬን አጅበው ሄዱ።