የሺናኖ ወንዝ እና የኦኮዙ ቦይ

ሺናኖ 367 ኪሎ ሜትር በመርዘም ከጃፓን ወንዞች ሁሉ ይበልጣል። ተፋሰሱ 11,900 ስኩዌር ኪሎ ሜትር ገደማ ሲሆን፣ ወንዙ ከሆንሹ ደሴት መካከል ተነሥቶ ኒጋታ ከተማ ላይ የጃፓን ባሕርን ይቀላቀላል። ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ምንጩ የሳይታማ፣ የያማናሺና የናጋኖ አውራጃዎች ድንበር በሚገጥምበት በኮቡሺ ተራራ (2,475 ሜትር) ላይ ነው። ካርታ የሚያይ ሰው በስሙ ግር ሊለው ይችላል፤ ናጋኖ ውስጥ በሚጓዝበት 214 ኪሎ ሜትር ቺኩማ እየተባለ ይፈስና ሺናኖ የሚባለው ኒጋታ አውራጃ ከገባ በኋላ ነው። ሺናኖ ግን የናጋኖ የጥንት ስም ነው። ወንዙ እንግዲህ በስሙ በተጠራው አገር ውስጥ ያ ስም የለውም።

ትልቁ ገባር የሳይ ወንዝ ከሂዳ ተራሮች ወርዶ፣ የማትሱሞቶን ሜዳ አልፎ፣ ናጋኖ ከተማ ላይ ይገባበታል። የጦር አለቆቹ ታኬዳ ሺንገንና ኡኤሱጊ ኬንሺን ከ1553 እስከ 1564 አምስት ጊዜ የተፋለሙበት ካዋናካጂማ በሁለቱ ወንዞች መካከል ያለው መሬት ነው። ከከተማው በታች ሸለቆው በድንገት ይጠብባል። ስለዚህ ኃይለኛ ዝናብ ሲመጣ ውሃው ማለፊያ አጥቶ ወደ ኋላ ይተኛል፤ የናጋኖ ሜዳ በየዘመኑ የሚጥለቀለቀውም በዚህ ምክንያት ነው። የ1742ቱ ሙላት ከ2,000 በላይ ሰው ፈጅቷል። በጥቅምት 2019 ደግሞ በአውሎ ነፋስ ዝናብ ሆያሱ ላይ ክትሩ 70 ሜትር ያህል ተደርምሶ ውሃው የፈጣን ባቡር ማቆሚያ ገባ። እዚያ የነበሩት 10 ባቡሮች፣ 120 ፉርጎ፣ ኤሌክትሪካቸው ስለራሰ ሁሉም ከአገልግሎት ወጡ።

ኒጋታ ውስጥ ወንዙ በረዶ በብዛት በሚጥልበት አገር ያልፋል። በሚያዝያና በግንቦት የሚቀልጠው በረዶ ውሃውን ያበዛዋል። ከቶካማቺ የሚጠለፈው ውሃ የቶኪዮን ባቡሮች የሚያንቀሳቅስ ኤሌክትሪክ ያመነጫል። የነበልባል ቅርጽ ያለው የጆሞን ዘመን (የጃፓን ቅድመ ታሪክ ዘመን) ሸክላ በብዛት የተገኘውም በዚሁ ዳርቻ ነው።

ከናጋኦካ በታች ያለው የኤቺጎ ሜዳ ግን ሌላ ታሪክ አለው። የባሕሩ ዳር የአሸዋ ክምር ስለሆነ ከኋላው ያለው ዝቅተኛ መሬት ውሃ ይይዛል። ገበሬው እስከ ደረቱ ጭቃ ውስጥ ገብቶ ሩዝ ይተክል ነበር፤ ምርቱም ወፍ እንኳ ተራምዶ የሚያልፈው ሩዝ እየተባለ ይቀለድበት ነበር። በሐምሌ 1896 ዮኮታ ላይ ክትሩ ሲፈርስ ውሃው በአንዳንድ ቦታ ለወራት ተኛ፤ በሽታም ተከተለ።

መፍትሔው ከመቶ ዓመት በላይ ሲለመን የኖረው ነበር፦ ወንዙ ወደ ባሕሩ ከሚቀርብበት ከኦኮዙ 10 ኪሎ ሜትር ያህል ቦይ ቆፍሮ ሙላቱን በቀጥታ ወደ ባሕር መልቀቅ። በ1870 የተጀመረው ሥራ ተቋረጠ፤ የኒጋታ ወደብ ውሃ ያጥረዋል የሚለው ፍርሃትም እንቅፋት ነበር። በ1909 እንደገና ተጀመረ። በእንፋሎት የሚሠሩ መቆፈሪያዎች መጥተው 28.8 ሚሊዮን ኩብ ሜትር ያህል አፈር ወጣ፤ ተራራው ግን ደጋግሞ እየተናደ የተቆፈረውን ደፈነው። ውሃ የተለቀቀበት በነሐሴ 1922 ነው።

ቦዩ መውጫው ላይ ጠባብና ተዳፋት ስለሆነ ውሃው ይፈጥናል፣ ወለሉን ይቦረቡራል። በሰኔ 1927 ወደ ቦዩ የሚገባውን ውሃ የሚቆጣጠረው ግድብ ሥሩ ተበልቶ ሰጠመ። ውሃው በሙሉ ወደ ቦዩ ስለገባ ታችኛው ወንዝ ደረቀ፤ መስኖውም መጠጡም ቆመ። ጥገናውን የመሩት ፓናማ ካናል ላይ የሠራው አኦያማ አኪራና የግንባታ ቦታው ኃላፊ ሚያሞቶ ታኬኖሱኬ ነበሩ። በ1930 ሥራው ሳያልቅ ሙላት ሲመጣ ሚያሞቶ ጊዜያዊውን ክትር አስፈርሶ ሜዳውን ለማትረፍ የራሱን ሥራ በውሃ አስበላ። አዲሱ ግድብ በ1931 ተጠናቀቀ፤ በዚያ የቆመው የመታሰቢያ ድንጋይ ጽሑፉ በጃፓንኛና ለዓለም አቀፍ መግባቢያነት በተፈጠረው ቋንቋ በኤስፔራንቶ ነው።

አሠራሩ ቀላል ነው። በአዘቦት ጊዜ እስከ 270 ኩብ ሜትር በሴኮንድ ወደ ታችኛው ወንዝ ይለቀቃል፤ ትርፉ ወደ ቦዩ ይሄዳል። ከላይ ሙላት ሲመጣ ወደ ኒጋታ የሚወስደው በር ተዘግቶ ውሃው ሁሉ በቦዩ ይወጣል። ወደ ታችኛው ወንዝና ወደ ቦዩ የሚሄደውን ውሃ የሚቆጣጠሩት ሁለቱ የበር ግድቦች በ2000 እና በ2011 በአዲስ ተተክተዋል፤ መውጫውን ከ180 ወደ 280 ሜትር የማስፋት ሥራም በ2015 ተጀምሯል።

ለውጡን ለማየት ኒጋታ ውስጥ ያለውን የባንዳይ ድልድይ መመልከት ይበቃል። በ1886 ሲሠራ 782 ሜትር ነበር፤ የ1929ኙ የኮንክሪት ድልድይ 307 ሜትር ያህል ነው፤ ወንዙ ጠቧላ። በ1964ቱ የመሬት መንቀጥቀጥ ጊዜ ገና አዲስ የነበረው የሾዋ ድልድይ ሲወድቅ ባንዳይ አልወደቀም።

ወንዙ ደለሉንም ይዞ ነው አቅጣጫ የቀየረው። በቦዩ መውጫ ቴራዶማሪ አካባቢ የባሕሩ ዳር እየሰፋ ሲሄድ፣ አሸዋ የሚያመጣለት የቀነሰው የኒጋታ ዳርቻ በመቶ በሚቆጠር ሜትር ተበልቷል። ዛሬ ባሕሩ ውስጥ በኮንክሪት ብሎኮች የተደረደሩት ማዕበል ሰባሪዎች የቀረውን ዳርቻ ለመያዝ የተሠሩ ናቸው።